የፊሊፒንስ ትግል ከአገር ውጭም ነው የተሠራው፤ ስለ ስደተኛ ሠራተኞቹ እናውራ

ዘሩ ከሲያትል፦

ወገን፣ ሰሞኑን ሌላ ክር ላይ ስለ ፊሊፒንስ ሲወራ አይቼ ለብቻው ላወጣው ፈለግሁ። ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው።

ስለ ፊሊፒንስ ትግል የሚያወራ ሰው ብዙ ጊዜ ሁለት ነገር ያነሣል። አንዱ 1896 ነው፤ ካቲፑናን የሚባለው የምስጢር ማኅበር በስፔን ላይ ተነሣ፣ ጸሐፊው ሆሴ ሪሳል ዲሴምበር 30 ቀን ተረሸነ። ሌላው 1986 ነው፤ ሕዝቡ ማኒላ ውስጥ ኤድሳ ጎዳና ላይ ወጣ፣ አምባገነኑ ፕሬዚዳንት ማርኮስ ሸሸ። በመሀል ያለውን ዘጠና ዓመት የሚያነሣው ጥቂት ሰው ነው። እኔ ደግሞ በዚያ ሁሉ ዘመን ትግሉን እንዳይሞት ካደረጉት መካከል እንጀራ ፍለጋ የወጡ ሠራተኞች አሉ ባይ ነኝ። ሸንኮራ የቆረጡ፣ ወይን የለቀሙ፣ አላስካ ድረስ ሄደው ዓሣ ያሸጉ፣ የሰው ቤት ያጸዱ። የምሁራኑ ስም በየአደባባዩ ሐውልት ላይ አለ፤ የእነዚህን ስም ግን ልጆቻቸው ራሳቸው ዘግይተው ነው የሰሙት።

አጀማመሩን ባጭሩ። አሜሪካ በ1898 ፊሊፒንስን ከስፔን በ20 ሚሊዮን ዶላር ወሰደች። ፊሊፒኖዎቹ በዚያው ዓመት ጁን 12 ነፃነታቸውን አውጀው ነበር፤ ማንም አልሰማቸውም። በፌብሩዋሪ 1899 ከአሜሪካ ጋር ጦርነት ገቡና ተሸነፉ። ከዚያ በዲሴምበር 1906 የመጀመሪያዎቹ 15 የጉልበት ሠራተኞች ሃዋይ ደረሱ፤ የሸንኮራ ባለእርሻዎች ማኅበር መልምሎ ያመጣቸው ናቸው። እስከ 1946 ድረስ ከመቶ ሺህ በላይ ሰው በዚህ መንገድ ሄደ። አብዛኞቹ ከኢሎኮስ የመጡ ደሃ ገበሬዎች ነበሩ።

የነዚህ ሰዎች የሕግ አቋም በጣም ይገርማል። ቅኝ ተገዢ ስለሆኑ አሜሪካ መግባት ይችላሉ፤ ዜጋ ግን አይደሉም። ካሊፎርኒያ ውስጥ ነጭ ማግባት በሕግ ተከልክለዋል። በ1930 ዋትሰንቪል ላይ ነጮች ለቀናት እያደኑ ደበደቧቸው፣ ፈርሚን ቶቤራ የሚባል ወጣት በተኛበት በጥይት ተገደለ። በ1934 የወጣው ሕግ ደግሞ ለአገራቸው ነፃነት ቃል ሲገባ እነሱን በአንድ ጊዜ ባዕድ አደረጋቸውና በዓመት ከ50 ሰው በላይ እንዳይገባ ከለከለ።

እንዲህ ሆነው ነው እንግዲህ የተደራጁት። ሃዋይ ላይ በ1920 ከጃፓኖች ጋር ሆነው አድማ መቱ። በ1924 ሃናፔፔ ላይ ፖሊስ ተኩሶ 16 አድመኞች ሞቱ፣ 4 ፖሊሶችም ሞቱ። ካሊፎርኒያ ውስጥ ስላለችው ዴላኖ አድማና ስለኛዋ ሲያትል ሌላ ጊዜ እጽፋለሁ፤ መጀመሪያ ግን እናንተ ምን ትላላችሁ?

ታዛቢው፦

ዘሩ፣ ጽሑፍህ ጥሩ ነው፤ ሐሳቡ ላይ ግን አልስማማም። ውጭ ያለ ሰው አብዮት አይሠራም። አብዮት የሚሠራው ጥይቱ በሚጮህበት ቦታ ያለው ሰው ነው።

የፊሊፒንስን ታሪክ ራሱን እየው። እነ ማርሴሎ ዴል ፒላርና ግራሲያኖ ሎፔዝ ሃኤና ስፔን ተቀምጠው ላ ሶሊዳሪዳድ የሚባል ጋዜጣ አወጡ። በ1889 ባርሴሎና ላይ ተጀመረ፣ በ1895 ገንዘብ አልቆ ተዘጋ። ሁለቱም በ1896 በድህነት እዚያው ባርሴሎና ሞቱ። የለመኑት ማሻሻያ አልተሰጣቸውም። ነገሩን የለወጠው ቦኒፋሲዮ ነው፤ ማኒላ ውስጥ ቶንዶ የሚኖር፣ በውጭ ኩባንያ ተቀጥሮ የሚያድር፣ አውሮፓን በዓይኑ ያላየ ሰው። እሱና ጓደኞቹ ካቲፑናንን በጁላይ 1892 የመሠረቱት እዚያው ከተማ ውስጥ ነው።

ስደተኛ ሐዋላ ይልካል፣ ሰልፍ ይወጣል፣ ስሜቱም እውነት ነው፤ ይሄን አልክድም። ግን የሰልፉን ዋጋ የሚከፍለው አገር ቤት ያለው ነው።

ሊያ የታሪክ ተማሪ፦

ታዛቢው፣ ቀኖቹን አስተያያቸው እስቲ። ሪሳል ከአውሮፓና ከሆንግ ኮንግ ተመልሶ ማኒላ ውስጥ ላ ሊጋ ፊሊፒና የሚባለውን ማኅበር የመሠረተው በጁላይ 3 ቀን 1892 ነው። ቦኒፋሲዮም ስብሰባው ላይ ነበረ። ከጥቂት ቀን በኋላ ሪሳል ተያዘ፣ ወደ ዳፒታን ሊጋዝ መሆኑ ተሰማ። ካቲፑናን የተመሠረተው ልክ ያኔ ነው፣ ጁላይ 7። ሁለቱ የሪሳል ልብ ወለዶች በርሊንና ጌንት ታትመው በድብቅ ነው አገር የገቡት፤ ቦኒፋሲዮም አንብቧቸዋል። አውሮፓ ያለው ጻፈ፣ ቶንዶ ያለው አንብቦ ተነሣ። ሁለቱን ለያይቶ ማየት ይከብደኛል።

ሆንግ ኮንግንም አትርሳ። በ1897 መጨረሻ የአብዮቱ መሪ አጊናልዶ ከስፔን ጋር የቢያክ ና ባቶን ስምምነት ፈርሞ ወደዚያ ተሰደደ። ዛሬ የሚውለበለበውን ባንዲራ ማርሴላ አጎንሲሊዮ የሰፋችው እዚያ ነው፤ ልጇና አንዲት የሪሳል ዘመድ አግዘዋታል። መሣሪያም የተገዛው ከዚያው ነው።

ግን አንድ ነገር ላይ ከአንተ ጋር ነኝ። ትግሉ መሀል የነበረው የመደብ ቁስል እውነተኛ ነው። ቦኒፋሲዮን በሜይ 1897 የገደሉት ስፔኖች አይደሉም። የአጊናልዶ ሰዎች ከስሰው፣ ፈርደው፣ ተራራ ላይ ወስደው ገደሉት። ሀብታሞቹና የተማሩት ትግሉን ከድሃው እጅ ወሰዱት። ለዚህ ይመስለኛል ዘሩ ስለ ሠራተኞቹ ያነሣው ነገር ክብደት ያለው፤ ከአገር ውጭ ትግሉ ተመልሶ ድሃው እጅ ገባ።

ናቲ፦

ዴላኖ የሴሳር ቻቬዝ አድማ አይደለም እንዴ? የሜክሲኮዎች መስሎኝ ነበር እኮ። እኛ ኮሌጅ ስንማር እንደዛ ነው ያስተማሩን።

ዘሩ ከሲያትል፦

ናቲ፣ ብዙ ሰው የሚያውቀው እንደዛ ነው። የጀመሩት ግን ፊሊፒኖዎች ናቸው።

ሴፕቴምበር 7 ቀን 1965 ማታ ዴላኖ ከተማ ውስጥ ፊሊፒኖ አዳራሽ ተሰብስበው ድምፅ የሰጡት የወይን ለቃሚዎች በማግስቱ ሥራ አልወጡም። ከመሪዎቹ ዋናው ላሪ ኢትሊዮንግ ነው። በ1929 ገና ልጅ ሳለ መጥቶ ያልሠራው ሥራ የለም፤ በአደጋ ሦስት ጣት አጥቷል። ከሱ ጋር ፊሊፕ ቬራ ክሩዝ፣ ፒት ቬላስኮ፣ አንዲ ኢሙታን ነበሩ። ጥያቄያቸው ቀላል ነበር። በዚያው ዓመት ኮቼላ ላይ በአድማ በሰዓት 1 ዶላር ከ40 ሳንቲም አስከፍለው ነበር፤ ዴላኖ ሲደርሱ ባለእርሻዎቹ ከዚያ አሳንሰው ሰጡ። እምቢ አሉ፣ አለቀ።

እነዚህን ሰዎች በዓይነ ሕሊናችሁ እዩአቸው። አብዛኞቹ ሃምሳና ስድሳ ዓመት ያለፋቸው ወንዶች ናቸው። ሕጉ ማግባት ስለከለከላቸው፣ ከአገራቸው ሴት እንዳያመጡም በሩ ስለተዘጋ፣ ብዙዎቹ ሚስትም ልጅም የላቸውም። ወጣቶቹ ማኖንግ ይሏቸዋል፣ እኛ ጋሼ እንደምንለው። የሚኖሩት በባለእርሻው ካምፕ ውስጥ ነው። አድማ ሲመቱ ባለእርሻዎቹ ውሃና መብራት ቆረጡባቸው፣ ከካምፕም አባረሯቸው። ጡረታ የሌለው፣ ቤተሰብ የሌለው፣ የሚያድርበት የሌለው ሽማግሌ ነው እንግዲህ አድማ የመታው። ይሄን ሳስብ አሁንም ደሜ ይሞቃል።

ባለእርሻዎቹ የለመዱት ዘዴ ፊሊፒኖ ሲያድም ሜክሲኮ መቅጠር፣ ሜክሲኮ ሲያድም ፊሊፒኖ መቅጠር ነበር። ኢትሊዮንግ ይሄን ያውቃል። ወደ ቻቬዝ ሄዶ ኑ አብረን እንግባ አለው። ቻቬዝ የሱ ማኅበር ገና ነው ብሎ ያመነታ ነበር፤ ሴፕቴምበር 16 ቀን ግን አባላቱ ድምፅ ሰጥተው ገቡ። በሚቀጥለው ዓመት ሁለቱ ማኅበራት ተዋሃዱ። ወይን አትግዙ የሚለው ዘመቻ አሜሪካን አልፎ ካናዳና አውሮፓ ደረሰ፣ ባለእርሻዎቹም በጁላይ 1970 ፈረሙ።

ከዚያ በኋላ ያለው ያሳዝናል። በተዋሃደው ማኅበር ውስጥ ፊሊፒኖዎቹ ጥቂት ነበሩና ድምፃቸው እየቀጠነ ሄደ። ኢትሊዮንግ በ1971 ለቀቀ። በ1977 ቻቬዝ በማርኮስ መንግሥት ግብዣ ማኒላ ሄዶ የማርሻል ሎውን (የወታደራዊ ሕጉን) አገዛዝ አመስግኖ ተመለሰ። ቬራ ክሩዝ ይሄን ሊውጠው አልቻለም፤ እሱም ለቀቀ። አስቡት፣ ከሃምሳ ዓመት በፊት አገሩን ጥሎ የመጣ የወይን ለቃሚ፣ የሚያከብረው ድርጅት ውስጥ ትልቅ ቦታ እያለው፣ የአገሩን አምባገነን አላመሰግንም ብሎ ወጣ።

ጋሽ ተፈራ፦

ልጆቼ፣ ስታወሩ ዝም ብዬ ማንበብ አልቻልኩም። እኔ በሰባዎቹ መጀመሪያ ካሊፎርኒያ ተማሪ ነበርኩ። ማርኮስ በሴፕቴምበር 1972 ማርሻል ሎው ሲያውጅ የፊሊፒኖ ተማሪዎች ወዲያው ነው የተነሡት። ኢራኖች ነበሩ፣ እኛም ነበርን፤ አንዱ የሌላውን ሰልፍ ይሄድ ነበር። የኛ ማኅበር የሰሜን አሜሪካ የኢትዮጵያ ተማሪዎች ማኅበር ነው፤ ክርክሩ፣ ጽሑፉ፣ ሌሊቱን ሙሉ ስብሰባው አይወሳ።

በጁላይ 1973 ፊሊፒኖዎቹ ኬ ዲ ፒ የሚባለውን ድርጅት ሲመሠርቱ፣ እኔን የገረመኝ አባላቱ እነማን እንደሆኑ ነው። ግማሾቹ ከማኒላ የመጡ የተማሪ ታጋዮች ናቸው። ግማሾቹ ግን እዚያው አሜሪካ የተወለዱ የእነዚያ የለቃሚዎቹ ልጆችና የወንድም ልጆች ናቸው፤ ታጋሎግ እንኳ በደንብ የማይናገሩ ነበሩባቸው። እና ሁለት ሥራ ያዙ። አንዱ ማርኮስን መጣል፣ ሌላው አሜሪካ ውስጥ የፊሊፒኖ ሠራተኛን መብት ማስከበር። በዚህ የተነሣ አገር ቤት ካለው የኮሙኒስት ፓርቲ ጋር ተጋጭተዋል። ፓርቲው ሰው ሁሉ ለአገር ቤቱ ትግል ደጀን ይሁን ይላል። እነሱ የለም፣ የምንኖርበትም አገር ትግል አለው አሉ።

የፖለቲከኞቹ ስደተኞች ሌላ ነበሩ። እነ ራውል ማንግላፑስ ዋሽንግተን ውስጥ ምክር ቤት አባል ያናግራሉ፣ መግለጫ ያወጣሉ። ጥሩ ሥራ ነው፣ አልንቅም። ግን የዓሣ ፋብሪካ ሠራተኛው ጋ አይደርሱም።

እኛ ተማሪዎቹ ስለ ሠራተኛው ብዙ ጻፍን፣ በእውነትም እንወደው ነበር። እነሱ ግን ከሠራተኛው ጋር አብረው እየሠሩ ነው የታገሉት። ዘሩ ስለ ሲያትሉ ጻፍ እንጂ፣ እሱ ነው ዋናው።

ዘሩ ከሲያትል፦

እሺ ጋሽ ተፈራ፣ እግዜር ይስጥልኝ። የተናገሩትን ያህል የሚያስረዳ ነገር አላነበብኩም።

ሲያትል ውስጥ ሎካል 37 የሚባል የሠራተኛ ማኅበር ነበር። አባላቱ በየበጋው ወደ አላስካ ሄደው ሳልመን ዓሣ የሚያሽጉ ናቸው፤ አላስኬሮ ይባላሉ። ማኅበሩ ሥሩ 1933 ነው። በዲሴምበር 1936 ፕሬዚዳንቱ ቨርጂል ዱዩንጋንና ጸሐፊው አውሬሊዮ ሲሞን ምግብ ቤት ውስጥ ተገደሉ፤ ገዳዩ የአንድ የጉልበት ደላላ ዘመድ ነበር። ደላሎቹ ከሠራተኛው ደሞዝ እየበሉ ይኖሩ ነበርና ማኅበሩ እንጀራቸውን ነው የነካው። በሃምሳዎቹ ደግሞ መንግሥት መሪዎቹን በኮሙኒስትነት ከአገር ሊያባርር ሞከረ። ኤርኔስቶ ማንጋኦአንግ እኔ ስገባ ባዕድ አልነበርኩም፣ በባንዲራችሁ ሥር ነበርኩ ብሎ ተከራክሮ ረታ።

ሰባዎቹ ላይ ወጣቶቹ መጡ። ሲልሜ ዶሚንጎና ጂን ቪየርነስ። ሁለቱም የአላስኬሮ ልጆች ናቸው። ፋብሪካዎቹ ውስጥ ነጭ ለብቻ ይተኛል፣ ለብቻ ይበላል፣ ጥሩውን ሥራ ይይዛል። ፊሊፒኖውና የአላስካ ተወላጁ ዓሣ እያጠበ ይኖራል። ወጣቶቹ ፋብሪካዎቹን ፍርድ ቤት ከሰሱ። ከክሶቹ አንዱ፣ በዋርድስ ኮቭ ላይ የቀረበው፣ በ1989 ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ ሠራተኞቹ ተሸነፉ። ፍርዱ ግን ብዙ ሰው ስላስቆጣ የ1991ዱ የሲቪል መብቶች ሕግ ሲወጣ አንዱ ምክንያት እሱ ሆነ። የሚገርመው ያው ሕግ ይሄንኑ ክስ ለብቻው ለይቶ ከጥቅሙ አስወጣው።

ማኅበሩ ውስጥ ራሱ ሙስና ነበረ። አላስካ ለመሄድ ጉቦ ይከፈላል፣ የቁማር ወሮበሎች የራሳቸውን ሰው ያስመድባሉ። ዶሚንጎና ቪየርነስ ተወዳድረው አሸነፉ፤ አንዱ ጸሐፊና ገንዘብ ያዥ፣ ሌላው ሥራ መዳቢ ሆኑ። ተራ በተራ፣ በሕጉ፣ ያለ ጉቦ መመደብ ጀመሩ። ሁለቱም የኬ ዲ ፒ አባላት ናቸው። በ1981 ቪየርነስ ፊሊፒንስ ሄዶ ኪሉሳንግ ማዮ ኡኖ የሚባለውን የሠራተኞች ንቅናቄ ሰዎች አገኘ። ከዚያ ሃዋይ በተደረገው የወደብ ሠራተኞች ማኅበር ጉባኤ ላይ፣ ፊሊፒንስ ውስጥ የሠራተኛው ሁኔታ ይመርመር የሚል ውሳኔ አስወሰኑ። ይሄ ለማርኮስ ቀላል ነገር አልነበረም። የወደብ ሠራተኛ እምቢ ካለ ዕቃ አይንቀሳቀስም።

ጁን 1 ቀን 1981 ፓዮኒር ስኩዌር ባለው ቢሯቸው ውስጥ ሁለቱንም በጥይት መቷቸው። ቪየርነስ እዚያው ሞተ። ዶሚንጎ አራት ጥይት በሰውነቱ ይዞ ደጅ ወጥቶ ለእሳት አደጋ ሠራተኞቹ የገዳዮቹን ስም ተናገረ። በማግስቱ ሞተ። ሁለቱም 29 ዓመታቸው ነበር።

ገዳዮቹ ተፈረደባቸው። ጓደኞቹ ግን ጉዳዩን በወሮበላ ጸብ ሊዘጉት አልፈቀዱም። የሲልሜ እህት ሲንዲ ዶሚንጎ ኮሚቴውን ይዛ፣ ባለቤቱ ቴሪ ማስት ማኅበሩን ይዛ ቀጠሉ። የማርኮስን መንግሥት ከሰሱ። ዳኛው መጀመሪያ የአገር መሪ አይከሰስም ብሎ ማርኮስን ከክሱ አወጣው። ማርኮስ ሲወድቅና ሃዋይ ሲገባ ያ ከለላ ቀረ። በዲሴምበር 1989 ሲያትል ውስጥ የፌዴራል ፍርድ ቤት ጁሪዎች (ከሕዝብ የተመረጡ ፈራጆች) የማርኮስን ወገን በግድያው ተጠያቂ አድርገው ወደ 15 ሚሊዮን ዶላር ፈረዱበት። ማርኮስ ፍርዱን አላየም፣ ከሦስት ወር በፊት ሞቷል። በ1991 ደግሞ የማኅበሩ የቀድሞ ፕሬዚዳንት ቶኒ ባሩሶ በነፍስ ግድያ ተፈረደበት።

ታዛቢው፣ ጥይቱ በሚጮህበት ቦታ ያለ ሰው ነው አብዮት የሚሠራው ብለሃል። ሲያትልም ጮኸ።

ናቲ፦

በዚያ መንገድ ስንት ጊዜ አልፌያለሁ፣ አንድም ሰው ነግሮኝ አያውቅም። ዘሩ በጣም አመሰግናለሁ። ግን አንድ ጥያቄ፤ ዛሬ በየአገሩ የሚታየው ያ ሁሉ ፊሊፒኖ ከየት መጣ? ነርሱ፣ መርከበኛው፣ የቤት ሠራተኛው። እነዚህም ከሸንኮራው ነው የሚቀጥሉት?

ሊያ የታሪክ ተማሪ፦

ናቲ፣ ያ ሌላ ምዕራፍ ነው። ማርኮስ በ1974 ባወጣው የሠራተኛ ሕግ ሰው ወደ ውጭ መላክን የመንግሥት ሥራ አደረገው። አገር ውስጥ ሥራ የለም፣ ዕዳ በዝቷል፣ ዓረብ አገር ደግሞ የነዳጅ ዋጋ ጨምሮ ሠራተኛ ይፈልጋል። ጊዜያዊ መፍትሔ ተብሎ የተጀመረው ቋሚ ሆነ። በ2023 በባንክ ብቻ የገባው ሐዋላ ከ33 ቢሊዮን ዶላር በላይ ነው።

የሚገርመው፣ ማርኮስ የላካቸው ሰዎች ራሳቸው ተመልሰው ታገሉት። በ1982 አንድ ትእዛዝ አወጣ፤ ውጭ የሚሠራ ሰው ከደሞዙ ቢያንስ ግማሹን፣ መርከበኛ ከሆነ ደግሞ 80 በመቶውን፣ በፊሊፒንስ ባንክ በኩል በግድ ይላክ። ያልላከ ፓስፖርቱ አይታደስለትም። ሆንግ ኮንግ ያሉት የቤት ሠራተኞች እምቢ አሉ። እነሱ ገንዘብ መላክ ጠልተው አይደለም፣ ሁሉም ለእናቱ ለልጁ ይልካል። መንግሥት እጁን ኪሳችን ውስጥ አያስገባ ነው ያሉት። ዕረፍታቸው እሑድ ብቻ ነበርና በእሑድ ሴንትራል አደባባይ ላይ ተሰብስበው ፊርማ አሰባሰቡ፣ ማኅበሮቻቸውን አስተባበሩ። በ1985 ማርኮስ ቅጣቱን አነሳ። ያ ጥምረት ዩኒፊል የሚባል ማኅበር ሆኖ ቀጠለ።

እስቲ አስቡት፤ ጋዜጣ በተዘጋበት፣ ተቃዋሚ በታሰረበት አገር፣ አምባገነኑን ወደኋላ ያስመለሱት የቤት ሠራተኞች ናቸው።

ሌላው ትልቅ ቀን ማርች 17 ቀን 1995 ነው። ፍሎር ኮንቴምፕላሲዮን የምትባል የቤት ሠራተኛ ሲንጋፖር ውስጥ በነፍስ ግድያ ተፈርዶባት ተሰቀለች። ብዙ ፊሊፒኖ ንጹሕ ናት ብሎ ያምን ነበር፤ መንግሥታችን ቀድሞ አልደረሰላትም ብሎ አገር ምድሩ ተቆጣ። የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ለቀቀ። በዚያው ዓመት ውጭ ያለ ሠራተኛን የሚጠብቅ ሕግ ወጣ። በ1996 ሚግራንቴ የሚባል የስደተኛ ሠራተኞች ድርጅት ተመሠረተ፤ ዛሬ በብዙ አገር ቅርንጫፍ አለው።

ማሂ ቤይሩት የነበረች፦

እኔ ታሪክ አልተማርኩም፤ ያየሁትን ግን ልናገር።

ቤይሩት ስሠራ ከፊት ለፊት ባለው ፎቅ አንዲት ፊሊፒና ነበረች። ልብስ ስናሰጣ በረንዳ ላይ ነው የተዋወቅነው፣ በተሰባበረ ዓረብኛ ነው የምናወራው። እሷ የኮንትራቷን ወረቀት አንብባዋለች። ደሞዟ 400 ዶላር ነበር፤ መንግሥቷ ከዚህ በታች አይሆንም ብሎ በ2006 ወስኖላቸው ነበር። የእኔ ከግማሹ በታች ነበር፤ የመጀመሪያውን ጊዜ ኤጀንሲው ወሰደው። እኔ የፈረምኩት ወረቀት ምን እንደሚል የሚነግረኝ አልነበረም። ሥራው አንድ ነው፣ ቤቱም አንድ ዓይነት ነው። እሷ ላይ ማዳሟ ስትጮህ የምትደውልበት ቁጥር አላት። እኔ የምደውልበት አልነበረኝም።

እና ለረጅም ጊዜ መንግሥታቸው ስለሚወዳቸው ነው ብዬ ነበር የማስበው። ሊያ የጻፍሽውን ሳነብ ሌላ ነገር ገባኝ። እነሱ ጮኸው፣ ሞተው፣ ተሰቅለው ነው ያ ቁጥር የመጣው።

አንድ የማትጠቅሱት ነገር ደግሞ ልጨምር። በጃንዋሪ 2015 ሊባኖስ ውስጥ የቤት ሠራተኞች ማኅበር ተመሠረተ። ኢትዮጵያውያን አለን፣ ፊሊፒኖዎች አሉ፣ ኔፓል፣ ስሪላንካ፣ ካሜሩን። ፌናሶል የሚባል የሊባኖስ ማኅበራት ፌዴሬሽን ነው ያቀፈን። የሠራተኛ ሚኒስቴሩ ሕገ ወጥ ነው አለ፣ እስከ ዛሬም ዕውቅና አልሰጠም። ከፋላ የሚባለው፣ መኖሪያ ወረቀትሽን ከአሠሪሽ ጋር የሚያስረው ሥርዓት እስካለ ድረስ አሠሪሽ ከተቆጣ መኖሪያ ወረቀትሽ ያልቃል፣ ከአገር ያስወጡሻል። ያም ሆኖ ሴቶቹ መጡ። እሑድ እንኳ መውጣት የማይፈቀድላቸው ነበሩ፣ ለገበያ ብለው ወጥተው የመጡ።

ታዛቢው፦

ማሂ፣ እህቴ፣ በርቺ። በዚህ ላይ የምከራከረው የለኝም።

ዘሩን ግን አንድ ነገር ልጠይቀው። በ2022 የማርኮስ ልጅ ፊሊፒንስ ውስጥ ፕሬዚዳንት ሆኖ ተመረጠ። አባቱም በ2016 በጀግኖች መቃብር ተቀብሯል። ውጭ ያሉት ሠራተኞች ደግሞ በ2003 በወጣው ሕግ ድምፅ ይሰጣሉ። ለማን ሰጡ? በብዙ ልዩነት ለማርኮስ ልጅ ነው የሰጡት። ሆንግ ኮንግም፣ ዓረብ አገርም። ያ ሁሉ የሠራተኛ ትግል የት ገባ?

ዘሩ ከሲያትል፦

ይሄ ከባድ ጥያቄ ነው፤ ሸፋፍኜ አላልፈውም። አዎ፣ ለሱ ነው የሰጡት።

እኔ የሚመስለኝ እንዲህ ነው። ደሞዝ ላይ የተደራጀ ሰው ታሪኩንም ያውቃል ማለት አይደለም። ሚግራንቴና ዩኒፊል ደሞዝ ያልተከፈላትን ያስከፍላሉ፣ የተደበደበችን ያስጠልላሉ፤ ይሄ ሥራ ቀኑንም ሌሊቱንም ይበላል። በዚያ ላይ አባላቱ በጣት የሚቆጠሩ ናቸው፣ ውጭ ያለው ሰው ግን በሚሊዮን ነው። አብዛኛው ሰው ስለ ማርሻል ሎው የሚሰማው ከስልኩ ነው። ስልኩ ላይ ደግሞ ያ ዘመን ወርቃማ ነበር የሚል ቪዲዮ ለዓመታት ሲፈስ ኖሯል። የሲያትሎቹ የተለዩበት ምክንያት ይሄው ነው። ዓሣ ፋብሪካው ውስጥ ስለ ምድባ ሲያወሩ ስለ ማኒላም ያወሩ ነበር፣ በአንድ ስብሰባ፣ በአንድ ጋዜጣ።

አንተ አብዮት የሚሠራው አገር ቤት ነው ስትል ስለ መጨረሻው ቀን ከሆነ ልክ ነህ። ኤድሳ ላይ ታንክ ፊት የቆመው የማኒላ ሰው ነው። ግን ማርኮስ የአሜሪካን ድጋፍ ይዞ ነው ያን ያህል የቆየው። አሜሪካ ውስጥ ስሙን ያጎደፉት፣ ወሬውን ለጋዜጠኛና ለምክር ቤት ያደረሱት፣ ፍርድ ቤት ያቆሙት እነዚህ ናቸው። የተቃዋሚዎቹ መሪ ኒኖይ አኪኖ በኦገስት 1983 ማኒላ አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ሲገደል የአሜሪካ ከተሞች ውስጥ ወዲያው ሰልፍ የወጣው ከአሥር ዓመት በላይ የተሠራ ድርጅት ስለነበረ ነው።

ጋሽ ተፈራ፦

ታዛቢው፣ ጥያቄህ ደግ ጥያቄ ነው። እኔም ዘሩ ያለው ላይ ልጨምር። አግባያኒ መንደር የሚባል ዴላኖ አጠገብ አለ። ለእነዚያ ቤትና ልጅ ለሌላቸው ሽማግሌ ለቃሚዎች መጦሪያ በ1974 የተሠራ ነው፤ ከየአገሩ የመጡ በጎ ፈቃደኞች ናቸው ጡብ የደረደሩት። ስሙ አድማ ላይ ሳለ ልቡ ቆሞ ለሞተ ሰው መታሰቢያ ነው። ወጣቶቹ ሽማግሌዎቹን ያወቋቸው እዚያ ሲሠሩ ነው፣ ታሪኩን ከአፋቸው ሰሙ። ስልክ ላይ የሚፈሰውን ውሸት የሚያሸንፈው እንዲህ ያለ ነገር ነው፣ ሰው ከሰው ጋር ቁጭ ብሎ።

ማሂ፣ ልጄ፣ ስለ 2015ቱ ማኅበር ያወቅሽውን ሁሉ ጻፊው። ማን መጣ፣ የት ተሰበሰባችሁ፣ ምን ተባባላችሁ። ስም አትጥሪ፣ ያሉበት ችግር አለ። ግን ጻፊው።

ማሂ ቤይሩት የነበረች፦

እሺ ጋሽ ተፈራ፣ እጽፋለሁ። መጻፍ ብዙም አልችልበትም፣ በድምፅ ይሻለኛል። እዚያው ያሉ ሁለት ጓደኞቼም መናገር ይፈልጋሉ፤ አንዷ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ የነበረች ናት። የሚያመቻቸው እሑድ ከሰዓት ነው፣ እሱም ማዳም ከፈቀደች። ሊያ፣ አንቺ የሆንግ ኮንጎቹ ፊርማውን እንዴት እንዳሰባሰቡ ብትነግሪን ጥሩ ነው፤ ልጆቹ ደጋግመው የሚጠይቁኝ እሱን ነው፣ ቤት የተቆለፈባትን እንዴት ነው የምታስፈርሚው እያሉ።